ኢቃማ የማይጠየቅበት ኮከብ

ትናንት መኪናዬን ላሠራ ፔትሮሚን ወደሚባለው የጅዳ የጋራዦች ሰፈር ሄጄ የብየዳ ሽታ ሲሸተኝ፣ የሰባት ዓመት ልጅ ሆንኩ። ያኔ በያጅ የነበረው አባቴ፣ ገና ተሠርቶ ያላለቀ የውሃ ታንከር ውስጥ አስገባኝ። ብረቱ ይሞቃል፤ ድምፄ ያስተጋባል።

“አባዬ፣ ይሄ የጠፈር መንኮራኩር የት ነው የሚሄደው?” አልኩት።

“ኢቃማ የማይጠየቅበት።”

የሥራ ጓደኞቹ ሳቁ፤ እሱ ግን አልሳቀም። እኔ እውነት እንዲህ ያለ ኮከብ ያለ መሰለኝ።

በዚያው ዓመት ኢቃማው፣ የመኖሪያ ፈቃዱ ማለት ነው፣ ሳይታደስለት ቀርቶ ወደ አገር ቤት ተመለሰ። እኔና እናቴ በእሷ ኢቃማ ጅዳ ቀረን።

አሁን የሳይንስ ልቦለድ ጸሐፊ ነኝ። በአራቱም መጽሐፎቼ ሰዎች ወረቀት ወደማይጠየቅበት ዓለም ይጓዛሉ። ዛሬ የአምስተኛውን ረቂቅ ለአባቴ በስልክ አነበብኩለት።

“ሰዎቹ ደረሱ?” አለኝ።

መጨረሻውን ገና አልጻፍኩትም።

“ደርሰዋል፣ አባዬ” አልኩት።