ድንጋዩ የካርቶን አልነበረም

በመቐለ ፊልም ከመሠራቱ በፊት እኔ ተዋናይ ነበርኩ። ደርግ ወድቆ ቪዲዮ ቤቶች ሲከፈቱ የአንዱ በር ጠባቂ ሆንኩ። የሕንድ ፊልም ሲታይ ቋንቋውን የሚያውቅ አልነበረም፤ እኔም አላውቅም። ግን ከቴሌቪዥኑ ጎን ቆሜ፣ ከተዋንያኑ ፊት ላይ እያነበብኩ፣ በትግርኛም በአማርኛም እተረጉም ነበር፤ እናቲቱንም፣ ሽፍታውንም፣ ሙሽራይቱንም ሆኜ። ያው ፊልም በሌላ ቤት ቢታይም ሰው የሚመጣው እኔ ጋ ነበር። ትምህርቴ አምስተኛ ክፍል ነው። ድርሰት መጻፍ ያስተማረኝ የለም። ይህን የምናገረው እንዲታዘንልኝ አይደለም።

በሃምሳ ዓመቴ የጻፍኩትን የፊልም ድርሰት ከአዲስ አበባ የመጣ ወጣት ዳይሬክተር ወደደው። የጎረቤቱን ልጅ በመኪና ገጭቶ የገደለ ሹፌር ታሪክ ነው። መጨረሻ ላይ ሹፌሩ እንደ አገራችን ወግ ድንጋይ በአንገቱ ተሸክሞ የሟቹ አባት እግር ላይ ይወድቃል፤ አባትየውም ይምረዋል። ሹፌሩን የምጫወተው እኔ ነኝ።

ቀረጻው ሊጀመር ሲል ዳይሬክተሩ መጨረሻዬን ሰረዘው።

«ጋሼ፣ ምሕረት ሰው አያስለቅስም። አባትየው ጀርባውን ሰጥቶት ይሂድ።»

«እዚህ አገር ድንጋይ ለተሸከመ ሰው ጀርባ አይሰጥም።»

«ይሄ እኮ ፊልም ነው። ካልተስማሙ ሌላ ተዋናይ አመጣለሁ። ደግሞ አማርኛዎ ከጉሮሮ ነው የሚወጣው።»

«የመቐለ ሹፌር ከየት እንዲያወጣው ፈልገህ ነው?»

ትቼ ብሄድ ድርሰቴንም ሹፌሬንም ለሌላ ሰው ማስረከቤ ነው። አልሄድኩም።

ለቀረጻው እንዳ ኢየሱስ የሚባለው የመቐለ ዳገት ላይ ወጣን። የካርቶን ድንጋይ ሰጡኝ። ወረወርኩትና ከዳገቱ እውነተኛውን መርጬ አነሣሁ። የሟቹን አባት የሚጫወቱት የሰፈሩ ሰው፣ አንድ አዛውንት ድንጋይ ጠራቢ ነበሩ። «ፊትዎን አዙረው ይሂዱ» ተብለዋል።

ተሸክሜ ሄድኩና እግራቸው ላይ ወደቅኩ። ሽማግሌው ዞረው አንድ እርምጃ ሄዱ። ቆሙ። ከዚያ ተመልሰው ድንጋዩን ከአንገቴ አወረዱት።

«ተንስእ ወደይ» አሉኝ በትግርኛ፤ ተነሥ ልጄ ማለታቸው ነው። «ምሬሃለሁ።»

«ከት!» አለ ዳይሬክተሩ።

ደገምነው፤ ደግመው ማሩኝ። በሦስተኛው ዳይሬክተሩ ጮኸ፦ «አባባ፣ ውሸት እኮ ነው!»

«ድንጋዩ ግን ውሸት አይደለም። እኔን እግዚአብሔር ያየኛል። ጀርባ መስጠት ካማረህ ና፣ እዚህ ቁምና አንተው ስጠው!»

ካሜራ የያዘው ሳይቀር ሳቀ። ዳይሬክተሩ ድንጋዩ የላጠውን አንገቴን አየ፣ ወረቀቱን አየ። «እሺ፤ እንደተጻፈው ይሁን» አለ።

ድርሰትህን ያዳኑልህ ሽማግሌው ናቸው የሚሉኝ አሉ። አይደለም። ካርቶን ተሸክሜ ቢሆን ኖሮ እሳቸውም እንደታዘዙት ይሄዱ ነበር።

ከዚያ ወዲህ በፊልም ቄስ ሆኛለሁ፣ ዳኛ ሆኛለሁ፣ ሰካራም ሆኛለሁ፤ መጠጥ አልቀምስም። ከወሎ የመጣ ሙስሊም ነጋዴ ሆኜ ስጫወት የገበያው ወሎዬዎች የየት መንደር ልጅ ነህ ብለውኛል። አራት ድርሰት ጽፌ አራቱም ተቀርጸዋል። በጉሮሮዬ አማርኛ ተናግሬ አዲስ አበባ ሲኒማ ቤት ውስጥ ሰው አስለቅሻለሁ፤ በምሕረት። ከአራቱ የአንዱንም መጨረሻ ማንም አልለወጠብኝም።