ከሙላት ደጃፍ እስከ ቤታችን በር የዘፈንኩት ዘፈን

ይህ ነገር የደረሰብኝ በደርግ መጨረሻ ሰሞን፣ አፈሳው በበረታበት ወቅት ነው። ሰው "እስካሁን ረስተሽዋል" ይለኛል። እንዴት አድርጌ ልርሳው? ጠዋት ጠዋት አፌን ስጉመጠመጥ ውሃው ከፊት ጥርሴ ባለችው ቀዳዳ ፊጭ ብሎ ይወጣል። ባልፈልግም ያስታውሰኛል።

አስቀድሜ ስለራሴ ልንገራችሁ፤ አለዚያ ነገሩ አይገባችሁም። ረጅም ነኝ። ትከሻዬ ሰፊ ነው፣ ድምፄ ጎርናና። ስሜ ዘነበች ነው፤ ሰፈር ውስጥ ግን "ወንዳወንዷ" ነበርኩ። እንዲህ ያለኝን ሁሉ እደበድብ ነበር፤ በደበደብኩ ቁጥር ስሙ ይበልጥ ተጣበቀብኝ። አስራ ሁለተኛ ክፍል ጨርሼ ማለፊያ ነጥብ ስላልመጣልኝ ቤት ተቀምጫለሁ። ሃያ ዓመት አልፎኛል። ሥራ የለኝ፣ ባል የለኝ፣ መስታወት ደግሞ አልወድም።

ሰፈራችን ከየካ ሚካኤል ሽቅብ፣ ባሕር ዛፉ ከሚጀምርበት ጥግ ነው። ከቤታችን ዝቅ ብሎ ሙላት ይኖራል። ምስራቅ ጀርመን ሄዶ መካኒክነት ተምሮ ስለመጣ ሰፈሩ "ጀርመኑ" ይለዋል። ከዚያ አገር ይዞ የመጣው አንድ ቴፕና ጥቂት ካሴቶች ነበር። ከካሴቶቹ በአንዱ ላይ ያለ ዘፈን ልቤን ወሰደው። ጊታሩ ይጮሃል፣ ድራሙ ይደበድባል፣ የሚዘፍነው ድምፅ ደግሞ እንደኔው ሻካራ ነው።

"ወንድ ነው ሴት?" አልኩት መጀመሪያ የሰማሁ ቀን።

"ሴት ናት። ግን እንዳንቺ ስትናገር ውሻ የምታስጮህ።"

"ምንድነው የምትለው?"

ተረጎመልኝ። ሴትየዋ መስታወት ፊት ቆማለች። ሰው የሳቀባትን ሁሉ፣ ድምጿን፣ አፍንጫዋን፣ አረማመዷን አንድ በአንድ ታያለች። ከዚያ ይሄም የኔ ነው፣ ያም የኔ ነው፣ ማንንም አላስፈቅድም፣ እኔ ይህቺው ነኝ ትላለች።

"በቃ?" አልኩት።

"በቃ። ምን ፈልገሽ ነበር? ፍቅር?"

ምን እንደፈለግኩ አላውቅም። ግን የቄስ ተማሪ ግዕዙ ሳይገባው እንደሚሸመድድ ዘፈኑን ከዳር እስከ ዳር ሸመደድኩት። ከዚያ በኋላ ወደ ቤት ስመለስ ከሙላት ደጃፍ ጀምሬ እስከ በራችን ያንኑ እየጮህኩ ነው የምገባው። እማዬ "መጣች ይህቺ አጋሰስ" ትላለች። ታናሽ ወንድሜ በላይነህ፣ እኛ በላይ የምንለው፣ ደግሞ ድምፄን ሲሰማ ሳላንኳኳ በር ይከፍትልኛል።

በዚያው ዓመት አባታችን ሞተ። ፀጉሬን ተላጨሁ፣ ጥቁር ለበስኩ። አርባው ሳይወጣ በላይ ለብሔራዊ ውትድርና ተጠራ። እማዬ አባታችንን ቀብራ ገና ቀና አላለችም። እሱን ከወሰዱት እንደማትተርፍልን አውቃለሁ።

ያን ጊዜ ልጆች ነጠላ ተከናንበው ሴት መስለው ከአፈሳ ያመልጡ ነበር። ታጣቂዎቹም ነቅተውበት መንገድ ላይ ነጠላ መግለጥ ጀምረዋል። እማዬ ግን በለጠቻቸው። ጥቁር ቀሚሴንና ጥቁር ነጠላዬን ለበላይ አለበሰችው። ሐዘን ላይ ያለች ልጅ ነጠላዋን እስከ አፍንጫዋ አውርዳ ጥግ ብትቀመጥ ማን ደፍሮ ይገልጣታል? የቀበሌያችን ጥበቃ ጋሽ በቀለ እንኳ በላይ የት እንዳለ ሊጠይቁ መጥተው፣ በሩ ላይ ቆመው እሱኑ "እግዜር ያጥናሽ ልጄ" ብለውት ሄዱ። እኔ ጓዳ ሆኜ ሳቄን ለመያዝ ክንዴን ነከስኩ።

ጋሽ በቀለ እንዲህ ባሉበት ጠዋት እማዬ ጤፍ አሲዛ ወደ ወፍጮ ቤት ላከችኝ። ጥቁር ቀሚሴን በላይ ለብሶታል። ሌላዋ ቀሚሴ ታጥባ ገመድ ላይ ትንጠባጠባለች። የበላይን ሱሪና ጃኬት አጠለቅኩና ከረጢቱን እንደ ወንድ በትከሻዬ ጭኜ ወረድኩ። እውነቱን ልናገርና ደስ ብሎኝ ነበር። ሱሪ ያራምዳል።

ወፍጮው እየጮኸ ስለነበር የአፋሾቹ መኪና ሲቆም ማንም አልሰማም። የሰማነው ዱላው ሰው ላይ ሲያርፍ ነው። አንድ ልጅ አጥር ሊዘል ሲንጠለጠል ቁርጭምጭሚቱን በሰደፍ መቱት። እንደ ጆንያ ወደቀ። ሌላው ዱቄት ውስጥ ተደፍቶ ሲነሳ ፊቱ ነጭ ሆኖ ከግንባሩ ቀይ መስመር ወረደ። እኔ ወረፋዬን እንደያዝኩ ቆምኩ። ምን ቸገረኝ? ሴት ነኝ።

ማጅራቴን ይዘው ጎተቱኝ።

"ሴት ነኝ!" አልኩ።

ሳቁ። አስር አለቃ የሚሉት፣ አለንጋ የያዘው፣ "ደግሞ ሌላዋ እመቤት መጣች" አለ። "የትላንትናዋ ጢም ነበራት።"

"ሴት ነኝ እኮ! ሐዘን ላይ ሆኜ ነው የተላጨሁት!"

"እስቲ እንየው" ብሎ አንዱ እጁን ወደ ጃኬቴ ሰደደ። አውራ ጣቱን ነከስኩት። ጥርሴ አጥንት ሲነካ ተሰማኝ። እሱ ጮኸ፣ ሌላው ጎኔን በሰደፍ አለኝ፣ ዱቄቱ ላይ ተዘረርኩ። ከዚያ በኋላ ጫማ ብቻ ነው የማየው። ሆዴን፣ ጀርባዬን፣ ክንዴን ረገጡኝ።

ወፍጮ ቤቱ ውስጥ የነበሩት ሴቶች ጮኹ። "ኧረ ሴት ናት! የእትዬ አስካለ ልጅ ናት!"

"እናንተማ በሬም ብንይዝ ላም ናት ትላላችሁ!" አለ አስር አለቃው።

በዚህ መሐል ጋሽ በቀለ ጠመንጃቸውን አንግተው መጡ። ሰፈሩን እንዲያሳዩ ታዘው ነው። ፊቴ በዱቄትና በደም ተለውሷል፤ እሳቸው ያዩት ጃኬቱን ነው።

"ይሄ የአስካለ ልጅ በላይነህ ነው" አሉ። "ጃኬቱን አውቀዋለሁ። እኅቱማ ቤት ናት፣ አሁን ጠዋት ሐዘን ላይ ተቀምጣ ትቻት መጣሁ።"

አስር አለቃው ቁጢጥ ብሎ አየኝ። ሞኝ ሰው አልነበረም።

"ልጅቷ ቤት ካለች አንተ በላይነህ ነህ" አለኝ። "አይ፣ ልጅቷ አንቺ ከሆንሽ ደግሞ ቤት ነጠላ ተከናንቦ የተቀመጠው ማነው?"

እኔ ሴት መሆኔ ከተረጋገጠ በላይ አለቀለት።

"በላይነህ ነኝ" አልኩ ወዲያው። "ዋሽቼ ነው። ውሰዱኝ።"

ዕድሜ ልኬን ወንድ ነሽ ሲሉኝ ስደባደብ ኖሬ፣ ያን ዕለት ወንድ ነኝ ብዬ ለመንኩ።

"አሁንማ ዘገየህ" አለ። "ተነስ ምራን።"

እጆቼን ወደኋላ አስረው ዳገቱን ይዘውኝ ወጡ። አለንጋው በየእርምጃው ባቴ ላይ ያርፋል። እያሰብኩ ነበር። ብጮህና "በላይ አምልጥ" ብል እዚያው ይደፉኛል፣ እሱንም ሮጠው ይደርሱበታል። ሙላት ደጃፍ ስንደርስ ሌላ ምንም ስላልመጣልኝ ዘፈኑን ጀመርኩት። ሁልጊዜ እንደምዘፍነው አይደለም፤ በሌላ ጊዜ እስከ በራችን ነበር፣ አሁን እስከ እንጦጦ ጫፍ እንዲሰማ ጮህኩት። ስንኙን እያዛነፍኩ፣ መሐሉን እየዘለልኩ ጮህኩት። በላይ ድምፄን ያውቃል፤ እንዲህ ስቃትት ከሰማ አንድ ነገር እንዳለ ይገባዋል ብዬ።

"ምንድነው ይሄ? ዝም በል!"

ዘፈንኩ።

"በምን ቋንቋ ነው የምትጣራው አንተ?" አለና በሰደፍ አፌን መታኝ። አንድ ጥርስ ምላሴ ላይ ወደቀ፤ ሌላው ተንጠለጠለ። ደሙን ከነጥርሱ ተፋሁና ቀጠልኩ። ሁለተኛ መታኝ። በጉልበቴ ተንበረከክኩ። ልቀጥል ብዬ አፌን ስከፍት ድምፅ አልወጣም፤ ደም ብቻ ነው።

ያን ጊዜ ዘፈኑ ከኋላዬ ተነሳ።

ሙላት ቴፑን መስኮቱ ላይ አውጥቶ እስከ መጨረሻው አጩሆታል። ጊታሩ፣ ድራሙ፣ ያቺ ሻካራ ሴትዮ ሰፈሩን ሞሉት። ሙላት ጀግና አይደለም። ቀበሌ ስብሰባ ላይ ስሙን እንዳይጠሩት ከሰው ጀርባ የሚቀመጥ ሰው ነው። በመስኮት ሲያየኝ ምን እንዳሰበ ዛሬም ስጠይቀው "አፍሽ ሲዘጋ አላስቻለኝም" ከማለት ሌላ አይመልስም።

ሁለት ታጣቂዎች በሩን ገንጥለው ገቡ። "የወዳጅ ሶሻሊስት አገር ዘፈን ነው እኮ ጓዶች!" ሲል ሙላትን ሰማሁት። ከዚያ ቡጢው፣ ከዚያ ጩኸቱ። ቴፑን በመስኮት ወርውረው በጫማ ረገጡት። ካሴቱ ሆዱ ተዘርግፎ ጭቃው ላይ ቀረ። ዘፈኑ ግን እስከ መሐሉ ደርሶ ነበር። ለበላይ ያ በቂው ነበር።

እቤት ስንደርስ በሩ ክፍት ነው። ፍራሹን በሳንጃ ዘነጠሉት፣ ጣራውን ወጉት፣ የአባቴን ፎቶ ከግድግዳው አውርደው ሰበሩት። ከእማዬ በቀር ማንም የለም።

"ሐዘንተኛዋ የት ሄደች?" አለ አስር አለቃው እማዬን አንቆ።

እማዬ እሱን አላየችውም፤ የኔን አፍ ነው የምታየው። "ሐዘንተኛዋ ይህቺው አይደለችም እንዴ!" ብላ ጮኸች። "ልጄን ምን አደረጋችሁብኝ?"

"ይሄ ወንድ ነው!"

እማዬ እጁን ከአንገቷ አላቀቀችና ወደኔ መጣች። የበላይን ጃኬትና ሸሚዝ ከደረቴ ላይ በሁለት እጇ ይዛ ከላይ እስከ ታች ቀደደችው።

"እንካ! እይ! ወንድ ነው?"

የናት እጅ ነው፤ አልነከስኩም። እጆቼ ታስረዋል፤ መሸፈን አልቻልኩም። መጀመሪያ ላፍር ነበር። ከዚያ ቀና ስል ያፈሩት እነሱ ሆነው አየኋቸው። ያ ጣቱን የነከስኩት ልጅ ወደ ግድግዳው ዞረ። እኔ ዓይኔን ከአስር አለቃው ላይ አላነሳሁም። ደሙ ከአገጬ እየተንጠባጠበ፣ ራሴ ተላጭቶ፣ በወንድ ሱሪ ቆሜ "ዘነበች ነኝ" አልኩት። በሕይወቴ ስሜን እንደዚያን ቀን ጠርቼው አላውቅም።

አስር አለቃው ወደ ጋሽ በቀለ ዞረ። "ጠዋት ያየሃት ማንን ነው?"

ሽማግሌው በበሩ በኩል ገመድ ላይ የተሰጣችውን ቀሚሴን አዩ፣ እማዬን አዩ። ጠዋት "እግዜር ያጥናሽ" ያሉት ማንን እንደሆነ ያን ጊዜ ገብቷቸዋል። ፊታቸው ላይ አየሁት።

"እሷኑ ነው ጌታዬ" አሉ። "ዓይኔ ደክሟል፤ ጃኬቱ አሳስቶኝ ነው።"

አስር አለቃው በአለንጋው ፊታቸው ላይ ሾጣቸው። ባገሩ ሰው ፊት፣ በዚያ ዕድሜያቸው። እኔን የመጨረሻ አንድ እርግጫ ሰጥቶኝ ወጣ፤ ባዶ እጁን እንዳይሄድ ሙላትን ይዞት ወረደ። ሙላት ከስንት ቀን በኋላ ሲለቁት የግራ ጆሮው አይሰማም ነበር።

በላይ ቀሚሴን እንደለበሰ በጓሮ አጥር ዘሎ ባሕር ዛፉ ውስጥ ገብቷል። ላይ ሲደርስ ቅጠል የሚሸከሙ ሴቶች አገኙት። ምንም አልጠየቁትም። አንዷ ከሸክሟ ከፍላ ጀርባው ላይ አሰረችለትና "ጎንበስ በል፣ የኔ ልጅ" አለችው። "እዚህ መንገድ ላይ ቀና ብላ የምትሄድ ሴት የለችም።" እንጦጦ ራጉኤል አጠገብ ታጣቂዎች ቆመው ነበር፤ በመሐላቸው ሸክሙን ይዞ አለፈ። ሱሉልታ አክስታችን ዘንድ ተደብቆ ደርግ እስኪወድቅ ቆየ። እነዚያን ሴቶች ፈልጎ ሊያመሰግናቸው ብዙ ጊዜ ወጣ፤ አላወቃቸውም። ሁሉም ጎንበስ ብለው ነው የሚሄዱት።

አሁን በላይ ሥራ ይዟል። በተገናኘን ቁጥር "የወርቅ ጥርስ ላስተክልልሽ" ይለኛል። አፌን ባየ ቁጥር ይከፋዋል። አልፈልግም አልኩት። ነገሩ ትዝ ሲለኝ አሁንም እናደዳለሁ፤ ያን አስር አለቃ መንገድ ላይ ባገኘው የሱንም ጣት እነክሳለሁ። ቀዳዳዋ ግን የኔ ናት፤ ማንም አይደፍናትም። መስታወት ፊትም እቆማለሁ።

ካሴቱ አልተጠገነም። ሙላት እዚያ አገር ለሚያውቃቸው ሰዎች ጽፎ ሊያስመጣው ሞከረ፤ አልተገኘም። ስለዚህ እሁድ እሁድ እሱ ቤት ስሄድ በሚሰማው ጆሮው በኩል አስቀምጦኝ "በይ እስቲ" ይለኛል። ስዘፍነው በጥርሴ ክፍተት ያፏጫል፤ ግማሹ ስንኝ ጠፍቶብኛል። ሙላት ዓይኑን ጨፍኖ ይሰማና "ከሴትየዋ ይሻላል" ይለኛል።

ይዋሽ እንጂ። እኔ እንዲህ ነው የምዘፍነው።