ጠማማው የጠፋበት ሰው

ባለፈው ግንቦት ለአዲሱ መታወቂያ አሻራ ልሰጥ ጉርድ ሾላ ሄጄ ነበር። የልጄ የማህሌት ቢሮ እዚያው አካባቢ ስለሆነ ወረፋ ይዛ ጠበቀችኝ እንጂ፣ እኔ ብሆን ሰልፉን አይቼ በመጣሁበት ታክሲ መሪ ወዳለው ቤቴ በተመለስኩ። ጉልበቴ ቆሞ መጠበቅ አይወድም። እኔም አልወድም። ተራዬ ደርሶ ስገባ መሣሪያው ፊት የተቀመጠችው ልጅ፣ "አባት፣ የቀኝ እጅዎን አራት ጣቶች መስተዋቱ ላይ ያሳርፉልኝ" አለችኝ። አሳረፍኩ። መሣሪያው አልቀበልም አለ።

"ትንሿ ጣት አልነካችም። እስቲ ቀጥ ያድርጓት።"

"እሷ ቀጥ አትልም፣ የኔ ልጅ።"

"ምን ሆና ነው?"

"ኩባዊ ነው የሰበራት" አልኳት።

የቀለድኩ መስሏት ሳቀች፤ ከኋላዬ የተሰለፉትም ሳቁ። ጣቴን በሁለት ጣቶቿ ይዛ ቀስ አድርጋ ተጫነችልኝና አለፍኩ። ማህሌት ግን አልሳቀችም። ይህን ሁሉ ዘመን ጣቴ በር ውስጥ ገብታ የተሰበረች ይመስላት ነበር። ታክሲ ተሳፍረን ትንሽ እንደሄድን መንገዱ ተዘጋና ቆምን። "አባዬ፣ የምን ኩባዊ ነው?" አለችኝ። የምንሄድበት ስላልነበር ነገርኳት።

ያደግሁት የካ ሚካኤል ነው። እናቴና እኔ ብቻ ነበርን፤ ቤታችን ከቤተ ክርስቲያኑ በታች ነበር፤ ከቤታችን ዝቅ ብሎ ደግሞ ሜዳችን። ሜዳ አልኩት እንጂ ተዳፋት ነው። ኳሷ በታች በኩል ከወጣች ወንዙ ድረስ ትንከባለላለች፤ የለጋት ሰው ወርዶ ያመጣታል። ይህ ሕግ ሰዉን ሁሉ ቁጥብ አድርጎት ስለነበር ጎል ብዙ አይገባም ነበር። እኔ በረኛ ነበርኩ። በረኛ የሆንኩትም ሩጫ ስለምጠላ ነው፤ ይሁን እንጂ እጄ ጥሩ ነበር። ያኔ አሥራ ሁለተኛ ክፍል ደርሻለሁ።

በዚያ ዘመን ኩባውያን አገራችን በብዛት ነበሩ፤ ሐኪሙም፣ ወታደሩም፣ መካኒኩም። ጥቅምት ላይ፣ ያ የጥቅምት ንፋስ ከእንጦጦ እየወረደ ጆሯችንን ሲቆርጠን፣ አንድ የጭነት መኪና ሜዳችን ዳር ቆመ። ሾፌሩ ወረደና ጨዋታችንን እስከ መጨረሻው አየ። መልኩ የኛው ሰው ነው፤ አፉን ሲከፍት ነው ሌላ መሆኑ የሚታወቀው። ስንጨርስ ጎል ያገቡትን ትቶ ወደ እኔ መጣ። ሁለቱን እጆቼን ይዞ፣ ገበያ እንደወጣ ሰው ገለባብጦ አያቸው። ከዚያ ከመኪናው አንድ ወፍራም የቆዳ ጓንት አመጣና ግራ እጄ ላይ አጠለቀልኝ።

"አንተ፣ ያዝ!" አለኝ።

አማርኛውን የተማረው ከመኪና ረዳቶች ነበር። ስለዚህ የሚያውቀው ትእዛዝ ብቻ ነው፤ ያዝ፣ ሂድ፣ ቁም፣ ቀጥ በል። መጀመሪያ ላይ የሚቆጣኝ ይመስለኝ ነበር። ስሙ ሬኔ ይባላል። የኩባ ሐኪሞችን ዕቃ የሚያመላልስ ሾፌር ነው፤ በአገሩ ግን ቤዝቦል ተጫዋች ነበር። ቤዝቦልን በዱላና በእጁ ሊያስረዳኝ ብዙ ደከመ። ባጭሩ፣ አንዱ ኳሷን ይወረውራል፣ ሌላው በዱላ ሊመታት ይሞክራል፤ ሳይመታት ካለፈች ከጀርባው ቁጢጥ ያለ ሰው ይይዛታል። ሬኔ ወርዋሪ ነው። እኔን ያዥ አደረገኝ። ዱላ የሚይዝ ሦስተኛ ሰው አላስፈለገንም።

ሁለት ዓይነት ውርወራ ነበረው። አንዱ በቀጥታ የሚመጣ ነው፤ እሱን ብዙ ሰው ይችለዋል ይላል። ሌላው የራሱ ነው። ወደ ሰው ግንባር ይመጣና ልክ ሲደርስ ታጥፎ ወደ ጉልበት ይወርዳል፤ ዱላ የያዘው ሰው አየር ይመታል። የዚህን ስም በቋንቋው ነገረኝ። አልገባኝም ስለው በጣቱ ወደ እንጦጦ የሚወጣውን መንገድ አሳየኝ፤ እዚያ ላይ የሚጠመዘዘውን። "አሃ፣ ጠማማ!" አልኩት። ረዳቶቹ ቢያስተምሩት ኖሮ "ኩርባ" ይሉት ነበር፤ እሱም ቃሉ ከራሱ ቃል ጋር አንድ መሆኑን ሰምቶ በተደሰተ። ምን ይደረግ፣ ያስተማርኩት እኔ ነኝ። ከዚያን ቀን ጀምሮ ያ ውርወራ "ጠማማ" ሆነ።

ነገሩ ለሱ ጨዋታ አልነበረም። ጥምቀት ሲያልፍ አገሩ ይመለሳል፤ እንደደረሰ ለክፍለ ሀገሩ ቡድን ይፈተናል። ካለፈ ኑሮው ኳስ ነው። ከወደቀ ሸንኮራ የሚጭን መኪና ይጠብቀዋል፤ ዕድሜውን በሙሉ። ይህን ሲነግረኝ በአንድ እጁ መሪ የሚያዞር መስሎ፣ በሌላው እንደጠላው ሊያሳየኝ አፍንጫውን ይዞ ነበር። እጁ እንዳይሰንፍ ነው በየቅዳሜና እሑዱ ወደ እኛ ሜዳ የሚመጣው።

ይወረውርና ይጠይቀኛል። "ጠማማ?"

"ቀጥ" እላለሁ።

ኳሷን አገላብጦ ያያል፣ አያያዙን ይለውጣል፣ እንደገና ይወረውራል። "ጠማማ?" "ቀጥ።" መጀመሪያ ሰሞን ይስቅ ነበር፤ መሪው ክንዴን አደንድኖት ነው ይላል። ኅዳር ሲገባ ሳቁ ቀነሰ። ክንዴ ደከመ ብሎ እንጦጦ ሩጫ ጀመርን። ሩጫ እጠላለሁ ብዬ ነበር፤ ግን ከሱ ጋር ስሮጥ ደስ ይለኝ ነበር፣ እሱ ከኔ የባሰ ስለሆነ። ባሕር ጠርዝ ላይ ያደገ ሰው እኮ ነው። ባሕር ዛፉ መሐል ገና ጥቂት እንደወጣን ትንፋሽ አጥሮት ይቀመጣል፤ እኔ ቆሜ እስቅበታለሁ። ላይ ስንደርስ የተቀቀለ ድንች በሚጥሚጣ እንገዛለን። ሚጥሚጣው ያስለቅሰዋል፣ ግን አይተውም። ከዚያ አፋፉ ላይ ቆሞ ይወረውራል። እዚያ ደግሞ ጭራሽ ባሰበት። ኳሷ እንደ ጥይት ነው የምትመጣው፤ ምንም መታጠፍ የለም። አንድ ቀን ኳሷን ጥሎ ጀርባውን ሰጠኝና ወደ ከተማው እያየ ረጅም ጊዜ ቆመ።

ከገና በፊት አንድ ቅዳሜ ግን ፊቱ በርቶ መጣ። አግኝቻታለሁ አለኝ፤ አያያዙ ነበር የተበላሸው። "ቴሾ፣ ጠማማ ትመጣለች። እመነኝ" አለ። ተሾመ ማለት ስለሚያስቸግረው ነው ቴሾ የሚለኝ። አመንኩት። ኳሷ ከእጁ ስትወጣ ጓንቴን ወደ ጉልበቴ አወረድኩ፣ እዚያ ነው የምትወርደው ብዬ። አልወረደችም። ፊቴ ላይ ቀጥ ብላ መጣች፤ እንደ በረኛ ባዶ ቀኝ እጄን ሰደድኩ። ድምፁ እስካሁን ይሰማኛል።

በጭነት መኪናው ይዞኝ ወደ ሐኪማቸው በረረ። ሐኪሙ ጣቴን ስቦ በእንጨት አሰረልኝ። ተጣምማ የቀረችው በሱ ጥፋት አይደለም፤ ግጥሚያ ስለነበረን ሳይጠነክርልኝ እንጨቱን የፈታሁት እኔ ነኝ። ያን ዕለት ሬኔ ቤት ድረስ አደረሰኝና እናቴን ይቅርታ ልጠይቅ ብሎ ገባ። በእጁ አንድ ቆርቆሮ ወተት ይዟል። እናቴ በር ላይ ተቀምጣ ምስር ትለቅማለች።

"እማማ፣ ይቅርታ" አለ ዝቅ ብሎ።

"ምን አጠፋህ ልጄ፤ ሲጫወት ነው የተሰበረ። ወንድ ልጅ አይደል" አለች።

ሬኔ መኪና ውስጥ ሲያሰላስለው የመጣውን አማርኛ አወጣ። "እኔ ጠማማ ነበረ። አሁን ጠማማ የለም። ጠፋ። ቀጥ። ሁሉ ቀጥ!" ይህን ብሎ ዓይኑ እንባ ሞላ።

እናቴ ሰፌዱን አስቀምጣ ተነሣች። ጉንጩን አገላብጣ ሳመችው። "ተመስገን! እሰይ የኔ ልጅ! ሰው ጠማማነቱን አውቆ ቀጥ ካለ ሌላ ምን ይፈለጋል? ስንቱ እንደተጣመመ ይሞት የለም እንዴ!"

"ቴሾ፣ ምን አለች?"

"ቀጥ በማለትህ ደስ ብሏታል።"

"ደስ?" አለ። በርጩማው ላይ ቁጭ ብሎ ፊቱን በሁለት እጁ ሸፈነ። እናቴ ንስሐ የገባ መስሏት ትከሻውን መታ መታ ታደርጋለች።

ጣቴ እየጠዘጠዘችኝ ላስረዳት ተቀመጥኩ። ጠማማው ሰውየው ሳይሆን ኳሷ ናት፤ እንጀራው እሷ ናት፤ አገሩ ሲገባ ይፈተንባታል፤ አሁን ጠፍታበታለች። እናቴ ሰፌዷን መልሳ ጭኗ ላይ አድርጋ ሰማችኝ። ከዚያ፣ "ታዲያ ስንት ቃል ሞልቶ ለምን ጠማማ አልከው?" አለችኝ። መልሴን ሳትጠብቅ፣ "እናት አለችው?" አለች። ጠየቅሁት። አለችኝ፣ ብቻዋን ናት፣ እኔን ትጠብቃለች አለ። ያ ነው ልቧን የነካው። ነጠላዋን አስተካክላ ፊቷን ወደ ቤተ ክርስቲያኑ አዞረች።

"የካ ሚካኤል፣ ለዚህ ልጅ ጠማማውን መልስለት። ከመለስክለት ጥላ አገባልሃለሁ።"

ሳቄ አመለጠኝ። በዓይኗ ቀጣችኝ። ሬኔ ምን አለች ሲለኝ፣ መልአኩን ጠማማህን እንዲመልስልህ ለመነችልህ፤ ከመለሰልህ ትልቅ ጥላ ትሰጠዋለች አልኩት።

አሰበ አሰበና፣ "እዚህ አገር መልአክ ዝናብ ይፈራል?" አለኝ።

ይህን ለእናቴ ስነግራት ከኔ በላይ የሳቀችው እሷ ናት። ሬኔም ሳቀ። የባቄላና የስንዴ ንፍሮ አቀረበችለት፤ የአገሬን ባቄላ አስታወሰኝ እያለ ሳህኑን ጠረገው። ያን ማታ ሲወጣ ትከሻው ቀለል ያለ መሰለኝ።

ጥምቀት አልፎ ሊሄድ ሲል ለመጨረሻ ጊዜ ሜዳው ላይ ተገናኘን። ጣቴ ታስራለች፤ በጓንቱ ብቻ እይዛለሁ። ጥቂት ወረወረ። የመጨረሻዋን ወርውሮ ጠየቀኝ።

"ጠማማ?"

አዎ ልለው አፌ ድረስ መጥቶ ነበር። ግን እሱ ሊሞኝ አልመጣም፤ እኔም ያዥው ነኝ። "ቀጥ" አልኩት። ራሱን ነቀነቀ። ጓንቱን ለኔ ተወልኝ፤ የእጅ አንጓ ማሰሪያው ላይ ስሙ ከነአባቱ ስም ተጽፎበታል። ከዚያ ሄደ።

እናቴ ግን አልተወችውም። በየወሩ ሚካኤል ሲደርስ፣ "ከዚያ ልጅ ወሬ የለም?" ትለኛለች። ከየት ይመጣል? እሷን የሚያስጨንቃት ሌላ ነው። ስለቱ ሳይሰምር ጥላ ብታስገባ ትዝብት ነው፤ ሰምሮ ሳታስገባ ብትቀር ደግሞ ከመልአኩ ጋር መጣላት ነው። ልትሞት ሰሞን እንኳ፣ "ተሾመ፣ ድንገት ከሰማህ ጥላዋን አደራ" ብላኛለች። እሺ አልኳት። ማንን ጠይቄ እንደምሰማ ግን አላውቅም ነበር።

ይህን ስጨርስ ታክሲያችን ገና ከተዘጋው መንገድ አልወጣም። ማህሌት ስልኳን አወጣች። "ጓንቱ ላይ ያለው ስም ማን ነበር?" አለችኝ። ነገርኳት። ያን ያህል ዘመን ስሙን በቃሌ ይዤ አንድ ቀን እንኳ "ፈልጊልኝ" አለማለቴ ይገርማል፤ ለካ የወደቀ ቢሆንስ ብዬ ፈርቼ ኖሯል።

አልወደቀም። ለክፍለ ሀገሩ ለብዙ ዓመታት ተጫውቷል። ከዚያ ከአገሩ ወጥቶ ሜክሲኮ፣ ከሜክሲኮ ጣሊያን ሄዷል። ፀጉሩ ሸብቶ እንኳ ይወረውር ነበር፤ አሁን እዚያው ጣሊያን ባሕር ጠርዝ ላይ ልጆች ያሠለጥናል። ማህሌት አንድ አሮጌ ቪዲዮ አገኘችና ስልኳን ወደ ዓይኔ አስጠጋች። ሬኔ ነው። ወፍሯል፤ አቋሙ ግን ያው ነው። ወረወረ። ኳሷ ወደ ሰውየው ግንባር መጣች፣ መጣችና ታጥፋ ጉልበቱ ጋ ወደቀች። ሰውየው አየር መታ።

"ጠማማ!" አልኩ ጮክ ብዬ።

ረዳቱ ዞሮ አየኝ። "አባት፣ እኔን ነው? መልስዎን እኮ ሰጥቻለሁ።"

ታክሲው በሙሉ ሳቀ፤ እኔ ግን አለቅስ ነበር። ማህሌት እጄን ይዛ ስልኳ ላይ ሌላ ነገር ማንበብ ጀመረች። ለካ ከፍታ ቦታ ላይ አየሩ ስለሚሳሳ ኳስ እንደልቧ አትታጠፍም። የሬኔ ክንድ ምንም አልነበረውም፤ ቀጥ ያደረገችው የኛ ተራራ ናት። እንጦጦ ላይ መባሱም ለዚህ ነው። እኛ ደግሞ ክንዱ እንዲጠነክር ብለን ሽቅብ እናስሮጠዋለን!

"እንግዲህ ተአምር አይደለም አባዬ፤ ፊዚክስ ነው" አለችኝ።

"አያትሽ የተሳለችው ስለ ልጁ ነው። እንዴት እንደሚመለስለት ለመልአኩ አልነገረችውም" አልኳት።

ሰኔ ሚካኤል ዕለት ጥላውን ይዤ ከማህሌት ጋር ወደ የካ ሚካኤል ወጣሁ። ዘርፉ የወርቅ ቀለም ያለው ትልቅ ጥላ ነው፤ ዳገቱ ላይ ሦስት ጊዜ አርፌያለሁ። ስለት የሚቀበሉት ቄስ የእናቴን የክርስትና ስም ጠየቁኝ። ወለተ ማርያም አልኳቸው።

"ስለምን ነበር የተሳሉት?"

"ለአንድ የሰው አገር ልጅ ጠማማው እንዲመለስለት ነው፣ አባ።"

መነጽራቸውን ዝቅ አድርገው አዩኝ። "ጠማማው?"

"አዎ አባ። ተመለሰለት።"

አእምሮዬን የሳትኩ መስሏቸው ይሆናል፤ ሌላ አልጠየቁኝም። ብቻ በድምፅ ማጉያው፣ ወለተ ማርያም ስለታቸው ሰምሮላቸው ጥላ አስገብተዋል አሉ። ምን እንደሰመረላት የማያውቁት ሴቶች እልል አሉላት። እናቴ ስሟ እንዲህ ሲጠራ ብትሰማ ኖሮ አልኩ። ታቦቱ ሲወጣ ዝናቡ መጣ፤ አንድ ዲያቆን የኛን ጥላ ዘርግቶ ከላይ ያዘው። እኔ ለመልአኩ ሳስብ ለራሴ ጃንጥላ መያዝ ረስቻለሁ። ማህሌት ወደ ዛፍ ሥር እንጠጋ ብላ ጎተተችኝ፤ እምቢ ብዬ እዚያው ቆሜ በዝናቡ ተመታሁ።