ስም ሲወጣ ማን ነበር?

የቁሐር ሚካኤሉ መሪጌታ ይትባረክ ባለፈው እሑድ ከዚህ ዓለም ድካም ዐርፈዋል። ለምታውቋቸው ሁሉ ይህን የምጽፈው ደመላሽ ነኝ። ፊደል የቆጠርሁት ጢሜ ሸብቶ፣ በመሠረተ ትምህርት፣ በእርሳቸው እጅ ነው። አጻጻፌ ካላማራችሁ ታገሡ።

የኔታ የሕፃናትን ስም በደብተር ይጽፉ ነበር፤ ማን እንዳወጣው፣ ስለ ምን እንዳወጣው። እናት ብትነግራቸው አዋላጇን፣ ከዚያም የክርስትና አባቱን ይጠይቃሉ። ሁለት ሰው ካልተስማማ ቦታው ባዶ ይቀራል። የወረታ ሰው ይስቅባቸው ነበር። አንዲት አራስ፣ «የኔታ፣ እርስዎ መርምረው እስኪጨርሱ ልጁ ሚስት ያገባል» አለቻቸው።

«ያግባ። የውሸት ትርጉም ከምሰጠው ባዶውን ይቆይ» አሏት።

አባቴ በግጦሽ ጠብ ተገድሏል። አጎቶቼ «ደመላሽ የተባልኸው ደሙን እንድትመልስ ነው» እያሉ አሳደጉኝ። ገዳዩ በበሽታ ሞተ፤ ልጁ ቀረ። «ስም ይዞ መቀመጥማ ለማን ተሳነው» እያሉ ሲያላግጡብኝ፣ ያን ሰው፣ የገዳዩን ልጅ፣ ከይፋግ ገበያ ሲመለስ መንገድ ላይ ልጠብቀው ቆረጥሁ።

በዚያው ሰሞን የኔታ በመሠረተ ትምህርቱ ስማችንን ከነምክንያቱ እንድንጽፍ አዘዙን። የእኔን ነገርኋቸው።

«ሲወጣ ማን ነበር?» አሉኝ።

«እኔ ምን አውቄ? ጡት ላይ ነበርሁ።»

«እንግዲያ የነበረ ሰው እስኪገኝ ስሙን ብቻ ጻፍ።»

ያሰብሁትን ያውቁ እንደሆነ አልነገሩኝም። ክረምት ነበር፤ ሜዳው ውሃ ተኝቶበታል። ያን የሚያማቸውን ጉልበት ይዘው፣ ውሃውን በበትር እየለኩ፣ አዋላጄ ፍል ውሃ ሊታጠቡ ወደ ሄዱበት ወደ ዋንዛዬ ሄዱ። ከዚያ የክርስትና አባቴን ፈለጉ። በሳምንቱ ጭቃ እንደ ለበሱ ደጄ ቆሙ።

«ስምህን ያወጣው አባትህ ነው። ክርስትና በተነሣህ ቀን ታቅፎህ ‹ባሳደገኝ አጎቴ ስም ይጠራ› ብሏል። ሁለቱም አንድ ቃል ነው የነገሩኝ። አባትህ የሞተው አንተ መሮጥ ከጀመርህ በኋላ ነው።»

«ምን አገባዎት?» አልኋቸው። ለሽማግሌ የማይባል ነው፤ አልሁት።

«ከእንግዲህ ሰው ብትገድል ለራስህ ነው። በአባትህ አታሳብብ» ብለውኝ ሄዱ።

ገበያው ዋለ፣ ተበተነ፤ እኔ ከቤቴ አልወጣሁም። አጎቶቼ እስከ ዛሬ ሰላም አይሉኝም። ይቅርብኝ። ያን ሰውም አሁንም አልወደውም። ያርሳል፣ ልጆቹን ያሳድጋል።

የኔታ፣ ስለዚያች ክፉ ቃሌ ይቅርታ ሳልልዎ ቀረሁ። ዛሬ ነገ ስል አመለጡኝ። በዚያ በተሻገሩት ውሃ ዳር ሳልፍ ቆሜ ማዶ ማዶውን አያለሁ፤ በትር ይዞ የሚመጣ የለም። ዕውቀት ያለው ሰው አገሩን ሞልቶታል፤ ለአንድ መሃይም ስም ብሎ ጭቃ የሚገባ ግን አላየሁም።

ለቀብርዎ ያ ሰው መጥቶ ነበር። ቃሬዛዎን በወዲያ በኩል እርሱ፣ በወዲህ በኩል እኔ ያዝን። ጭቃው ሲያዳልጠው ክንዱን ያዝሁት፤ እርስዎን እንዳይጥል ብዬ ነው።

እንግዲህ ይረፉ፣ የኔታ። እርሱም እኔም አለን።