መስታወት የታደለ ዕለት

በደርግ ዘመን ነው። ቢቸና፣ ከቀበሌው ሱቅ ደጃፍ፣ በተዋስኩት ሱፍ ኮት ተገትሬ ራሴን በትልቅ መስታወት እያየሁ ነበር... ከዚያች ሰዓት ጀምሮ መምህርነቴ ቀርቶ የፊልም ተዋናይ ሆኛለሁ።

ዳይሬክተሩ ውጭ አገር ሲኒማ ተምሮ የመጣ ልጅ ነው። የሚሠራው አጭር የሙከራ ፊልም፣ «ሰው የራሱን መልክ በሚሸምተው ዕቃ ውስጥ እንዴት እንደሚፈልግ» ያሳያል አለኝ። እኔ የገባኝ «አጭር» የሚለው ብቻ ነው። የያዘው የፊልም ጥቅል የሦስት ደቂቃ ነው፤ ሌላ የለም። እኔ ደግሞ ለመምህራኑ ሁሉ «መልኬ በሲኒማ ሊታይ ነው» ብዬ አውጄያለሁ።

«ዕቃ እንደሚመርጥ ሰው ፊትህን እይ» ብሎኝ ካሜራውን ሊያስተካክል ዞረ።

አየሁ... ከኋላዬ ጎረቤቴ እትዬ ውባለም ዘንቢል ይዘው ቆመዋል።

«ምን መጣ ልጄ?»

«ምንም እትዬ፣ ፊልም ነው።»

«እሱም ቢሆን» አሉና ቦታቸውን ያዙ።

ዞር ስል ሰልፉ የሱቁን ጥግ ዞሯል! የራሽን ካርዱን ያልያዘ የለም። አንዱ «ስኳር ነው» ይላል፣ ሌላው «ሳሙና»። ዳይሬክተሩ «ጓዶች፣ የሚታደል ነገር የለም!» ብሎ ሲጮህ ሰልፉ ይበልጥ ተጠጋጋ። እንዲህ ከተባለማ ያለው ጥቂት ነው ማለት ነዋ!

የቀበሌው ሊቀመንበር ደረሱ። ሁኔታውን በጥሞና አጠኑና ጣታቸውን እኔ ላይ ቀሰሩ።

«አንተ መምህር! እናቶች ቆመው ማን ፊት አስቀደመህ?»

«ጓድ ሊቀመንበር፣ እኔ እኮ ተዋናይ ነኝ!»

«ተዋናይም በተራው!»

ወደ ጭራው ሄድኩ። ያኔ የካሜራው ድምፅ ተሰማኝ... እያነሳ ነው! እትዬ ውባለም መስታወቱ ፊት ደርሰው ነጠላቸውን አስተካከሉ፣ ጥርሳቸውን ፈተሹ፣ ባዶ ዘንቢላቸውን ይዘው ደስ ብሏቸው ሄዱ። ቀጣዩ ጺሙን ደባበሰ። ሊቀመንበሩ ሁለት ጊዜ ተሰለፉ።

ከፊቴ ሃያ ሰው ሲቀር ፊልሙ አለቀ።

ዳይሬክተሩ ሮጦ መጥቶ አቀፈኝ። «ያሰብኩት ይሄንኑ ነበር!» ምኑን?

የተዋስኩትን ኮት አውልቄ ልሄድ ስል ከሞጣ የመጣው አውቶቡስ ቆመ። አንድ ጎልማሳ ዘሎ ወርዶ እያለከለከ ያዘኝ።

«ወንድሜ፣ አለቀ እንዴ?»

«አለቀ።»

«ወይኔ! ሞጣ እኮ ከጠፋ ቆየ!»

ምኑ እንደጠፋ አልጠየቅኩትም... እኔም ሳይደርሰኝ የቀረው እሱው ነው።