አባ ኃይሉ ያልማሉት መሐላ

ሥራ በጀመርኩበት ቀን ሰቆጣን ጭጋግ ውጧት ነበር። የጽሕፈት መኪናዬን ተሸክሜ የወረዳው ፍርድ ቤት አጥር ሥር ስደርስ፣ ሰዎቹ ሳይታዩኝ ድምፃቸው ብቻ ይሰማኛል፤ ግማሹ በአገሬው ቋንቋ በኽምጣና፣ ግማሹ በአማርኛ። ዘጠናዎቹ ገና መግባታቸው ነበር። ዛሬም ዓይኔን ስከድን ያ ድምፅ ይመጣብኛል።

ከእኔ በፊት እዚያ ለባለጉዳይ አቤቱታ ሲጽፍ የኖረው ጋሽ ተስፋ ካርቦኑ በወረቀቶቹ መሀል እንዴት እንደሚገባ አሳየኝና፣ «ስማ፣ ጽፈህ ስትጨርስ ጮክ ብለህ አንብብላቸው። ሳይሰማ የፈረመ ሰው ነገ ዞሮ አንተኑ ነው የሚከስህ» አለኝ። ሥራው ይኸው ነው፤ መስማት፣ መጻፍ፣ ማንበብ፣ ማስፈረም። ቀላል ይመስላል፤ ሞክሩትና እዩት!

በትምህርት ቤት መዝገብ የተሳሳተ የአባት ስም የማሳረም ጉዳይ ብዙ ይመጣልን ነበር። ከአጎራባቹ ዝቋላ ወረዳ ገጠር ልጅ ለትምህርት ሰቆጣ ዘመድ ዘንድ ይላካል። ሲመዘገብ «አባቱ ማን ነው?» ይባላል፤ ዘመድየው «እኔ ነኝ» ይላል። ምን ያድርግ? ልጁ አጠገቡ ቆሞ እየሰማ «የሰው ልጅ ነው» ብሎ እንዴት ያሳቅቀው! ልጁ ሲያድግ ግን ትራንስክሪፕቱ አንድ አባት፣ የቀበሌ መታወቂያው ሌላ አባት ይናገራል። ትምህርት ቤቱ ደግሞ ያለ ፍርድ ቤት ትእዛዝ አይነካውም።

ዝናሽ የመጣችው ክረምቱ ሲወጣ ነው። ነርስነት እንድትማር ኮሌጅ ተቀብሏታል። ትራንስክሪፕቷ «ዝናሽ ኃይሉ» ይላል፤ ከትውልድ ቀበሌዋ ጽጽቃ ያወጣችው መታወቂያ «ዝናሽ ሲሳይ»። «አስተካክለሽ ነይ፤ ምዝገባው ከተዘጋ ቦታሽ ለሌላ ይሰጣል» ብለዋታል። አብረዋት አጎቷ አባ ኃይሉ መጡ፤ እዚሁ ሰቆጣ ቄስ ናቸው። ሲሳይ ወንድማቸው ነው፤ ዝናሽ ጡት ሳትጥል ሞተ፤ እሳቸው አሳደጓት።

እኛ ጸሐፊዎች ሁሉ እንደምንጽፈው ጻፍኩ። ሳነብላቸው «ቄስ ኃይሉ የአመልካች አባት ባለመሆናቸው» የሚለው ላይ ስደርስ አባ ኃይሉ ብድግ አሉ።

«ማን አለህ እሱን?»

«አባ፣ የሕግ አጻጻፍ ነው እኮ።»

«ኩፍኝ ሲይዛት ታቅፎ ያደረው ሕጉ ነው?»

ጋቢያቸውን ሰብስበው ሄዱ። ዝናሽ «አባየ! አባየ!» ብላ ተጣራች፤ አልዞሩም። «እሳቸው ካልመሰከሩልኝ ማን ያምነኛል?» ብላ አለቀሰች። አቤቱታውን ግን አስገባች፤ ለአባ ኃይሉም የምስክር መጥሪያ ደረሳቸው።

በቀጠሮው ዕለት ሥራዬን ትቼ ችሎት ገባሁና ከኋላ ተቀመጥኩ። ዝናሽ በሩን በሩን ታያለች። መዝገቡ ሲጠራ አባ ኃይሉ ገቡ። መስቀላቸውን እንደያዙ እውነት ሊናገሩ ማሉ።

ዳኛው ወጣት ነው። «አመልካች ልጅዎ አይደለችም አይደል?» ብሎ ጠየቃቸው።

አባ ኃይሉ መስቀላቸውን አገላብጠው አዩ። በመስኮቱ በገባው ፀሐይ ላይ አቧራው ሲንሳፈፍ አየዋለሁ።

«የወለዳት ወንድሜ ሲሳይ ነው፤ ይኸን ምያለሁ» አሉ። «ልጄ አይደለችም በል ካላችሁኝ ግን፣ ክቡር ዳኛ፣ መስቀል ይዤ አልዋሽም።»

ዳኛው ብዕሩን አስቀመጠ። «የወለዳትን ተናግረዋል። ሌላውን ፍርድ ቤቱ አይጠይቅዎትም» አለ። ትምህርት ቤቱም የአባቷን ስም «ሲሳይ» ብሎ እንዲያርም አዘዘ።

ደጅ ስንወጣ ዝናሽ ጉልበታቸው ላይ ወደቀች። «ተነሽ፣ ልጄ፤ መኪናው ያመልጥሻል» አሏት። ለምዝገባው ደረሰች።

ከዚያ ወዲያ ሥራዬን እስክተው ድረስ በአቤቱታ ላይ «አባቱ አይደሉም» ብዬ ጽፌ አላውቅም። «የወላጅ አባቱ ስም እገሌ ነው» እላለሁ። ስም ለማሳረም ያ ይበቃል።