የዶና አልዚራ የእህት ልጅ

ዶና አልዚራን ያላወቀ ሰው ጥርጣሬ ምን እንደሆነ አያውቅም እላለሁ። ዓሣ ሲገዙ ሻጩ እያየ አሽትተው፣ የዓሣውን ዓይን በጣታቸው ተጭነው ነው። ቄሱ ሲሰብክ አንገታቸውን ዘንበል አድርገው የሚያዳምጡት ለመባረክ ሳይሆን የት ላይ እንደሚሳሳት ለመያዝ ነው። ዕድሜያቸውን ሙሉ ልብስ ሰፊ ነበሩ። የከተማችን የሳንታ ኢዛውራ ሙሽሮች ግማሾቹ በእጃቸው አልፈዋል፤ ወገብ ሲለኩ የትኛዋ ከሠርጉ በፊት እንዳረገዘች ከእናቷ ቀድመው ያውቁ ነበር። አይናገሩም እንጂ።

እኔ ኔይዴ እባላለሁ። የመቃብሩ በር ላይ አበባ እሸጣለሁ፤ ቤታችን ከዶና አልዚራ ቤት ጋር አንድ ግድግዳ ይጋራል። እንደ እሳቸው ዝምታ አልተሰጠኝም፤ ይህንንም የማወራው ለዚህ ነው።

እኚህ ሰው ተላላ የነበሩት በአንድ ነገር ብቻ ነው። ታናሽ እህታቸው ኢራሲ ከደቡብ ለመጣ ነጭ የከባድ መኪና ሹፌር አርግዛ ወንድ ልጅ ወለደች። ሹፌሩ ጠፋ። ኢራሲ ሕፃኑን ዦዙዌን አቅፋ ትልቁ ከተማ ቤሎ ኦሪዞንቼ ሰው ቤት ልትሠራ ሄደች፤ ስትመለስ ሳንባዋ አልቆ ነበር፣ ክንዷም ባዶ። «ለደጋግ ሰዎች ሰጠሁት፤ ውጭ አገር ይዘውት ሄዱ» አለች፤ ብዙም ሳትቆይ ሞተች። ዶና አልዚራ የማንንም ቃል ሳያምኑ ይህን አመኑ። በየዓመቱ በልደቱ ቀን የበቆሎ ዱቄት ኬክ ይጋግራሉ፣ የሕፃንነት ፎቶውን ጠረጴዛው ላይ ያቆማሉ፣ እኔና እሳቸው እንበላለን። «ይሄኔ አግብቶ ይሆናል» ይላሉ። ባል አላገቡ፣ አልወለዱ፤ በዚህ ዓለም የቀራቸው የሥጋ ዘመድ ያ ልጅ ብቻ ነበር።

ታዲያ አንድ ቀን ልጁ በራቸውን አንኳኳ።

ረጅም ነው፣ ጸጉሩ ገለባ ይመስላል፣ ትሕትናው ለጉድ። ዦዙዌ ነኝ አለ። አሳዳጊዎቹ መጀመሪያ ፓራጓይ፣ ቀጥሎ አውሮፓ እንደወሰዱት፣ በቋንቋችን አፉ ያልተፈታውም ለዚህ እንደሆነ ነገራቸው። ዶና አልዚራ ጆሮውን አዩ፣ ጣቶቹን አዩ፣ ወደ መስኮቱ አዙረው በብርሃን አዩት። ከዚያ ምሳ አቀረቡለት። እሳቸው ለማንም ሰው በመጀመሪያ ቀን ምሳ አቅርበው አያውቁም።

እኔ ግን ያልጠረጠረ ተመነጠረ የሚሉት ነገር አይጠፋኝም። «ዶና አልዚራ፣ ይሄ ሰውዬ ቤትዎን ሊወርስ ነው የመጣው» አልኳቸው።

«ጣራው የሚያፈሰውን ቤት?» አሉኝ። «ይውረሰውና ያድሰው።»

እውነትም አደሰው። ራሱ ወጥቶ የጣራውን ሸክላ አንድ በአንድ ቀየረ። ሠፈሩ ሁሉ ወደደው፤ እኔ ግን መጠርጠሬን አልተውኩም። ስልኬን አውጥቼ ፎቶ ላነሳው ስል ሁልጊዜ ጫማው ይፈታል፣ አጎንብሶ ያስራል። ዶና አልዚራን ደግሞ የድሮ ወሬ እንደ ሕፃን ያስደግማቸዋል፤ ኢራሲ የት ተማረች፣ ማን ክርስትና አነሳት፣ ድሮ ሠፈራችንን ጎርፍ የወሰደው ጊዜ ማን ሞተ። አንድ ቀን መሸጫዬ አጠገብ ቆሞ ለአንድ መንገደኛ ስለ ጎርፉ ሲያወራ ሰማሁት፤ ውሃው ውስጥ የነበረ ሰው ነው የሚመስለው።

«ከጎርፉ በኋላ አይደል እንዴ የተወለድከው?» አልኩት።

«አክስቴ ሲያወሩት ያየሁት ይመስለኛል» አለና ሳቀ።

ይህን ለባለ መጠጥ ቤቱ ለቫልዴሲር ብነግረው፣ «በቃ፣ ሰላይ ነው» አለኝ።

«ሳንታ ኢዛውራ ምን ሊሰልል?»

«የሚስቴን ዶሮዎች። እንቁላል እየቀነሰ ነው።»

ሳቅን። እንደዚያ ስቀን አለፍነው።

የዶና አልዚራ ልደት ሲደርስ ቀይ ጽጌረዳ ሊገዛ መጣ። እኔ በደርዘን አስሬ ነው የምሸጠው። ገመዱን ፈታና አንዷን መዞ መለሰልኝ።

«ጠውልጋለች?»

«አይደለም። ለሕያው ሰው ቁጥሩ ጥንድ የሆነ አበባ አይሰጥም፤ ለሕያው ጎደሎ ነው፣ ጥንድ ለሙታን። ያሳደገችኝ ሴትዮ አጥብቃ ነበር የምታምንበት።»

በእኛ አገር አበባ የሚቆጥር ሰው ያለው በዋጋው ሲከራከር ብቻ ነው። ለዶና አልዚራ ነገርኳቸው፤ «ፈረንጅ ምን ያላመጣው ጉድ አለ» ብለው አሥራ አንዱን ጽጌረዳ አልጋቸው አጠገብ አኖሩት። ደስታቸውን አይቼ አፌን ያዝኩ።

ከዚያ የፈለገውን ተናገረ። ቤቱን አልነበረም። ዜግነቱን የሚያስመልስለት ወረቀት ለማውጣት፣ ዶና አልዚራ ሰኞ ቀን መዝገብ ቤት ሄደው ይህ የእህቴ የኢራሲ ልጅ ነው ብለው እንዲምሉለት ነበር። እሺ አሉ። ያን ሳምንት ሲያሰላስሉ አየኋቸው፤ መርፌ ውስጥ ክር ሲያስገቡ ያመልጣቸው ነበር። እሱ ዦዙዌ ከሆነ ዘመድ አገኙ። ካልሆነ ደግሞ እውነተኛው የት ነው ያለው? ይህችን ጥያቄ ይፈሯት ነበር፤ እኔም ፈራሁላቸው።

ከሰኞው በፊት ያለው ቅዳሜ የዦዙዌ ልደት ዋለ። ጠዋት መጣና ከባልዲዬ ነጭ ጽጌረዳ እየመረጠ ስምንት አወጣ።

«ለጠረጴዛው ነው? እንግዲያው ይቺ ከእኔ፣ ለልደትህ» ብዬ ዘጠነኛ ጨመርኩለት።

ጣቱ ሳያስበው መዘዛትና ባልዲው ውስጥ መለሳት። «ስምንት ይበቃል፣ ዶና ኔይዴ» አለ። ፊቱ ላይ ሳቅ አልነበረም።

ከሰዓት በኋላ ሦስታችን ተቀመጥን። ኬኩ አለ፣ ነጩ አይብ አለ፣ የዘይቱን ማርማላታ አለ። አበባዎቹን ውሃ ውስጥ አድርጎ ከሕፃኑ ፎቶ ፊት አቆማቸው። እኔ መቼም ዝም ማለት አልችልበት፣ «ኩሩ ነው የእህትዎ ልጅ! ዘጠነኛዋን በነፃ ብሰጠው መለሰልኝ» አልኩ።

ዶና አልዚራ ቢላዋውን ኬኩ ላይ እንደያዙ ቀሩ። አበባዎቹን አንድ በአንድ ሲያዩ ከንፈራቸው ይንቀሳቀስ ነበር። ያኔ ነው እኔም የገባኝ፤ ስምንት ጥንድ ነው።

«ለእኔ ልደት አሥራ አንድ ነው ያመጣህልኝ» አሉት።

«አዎ፣ አክስቴ።»

«ለሕያው ጥንድ አይሰጥም ብለህ።»

«የአሮጊቶች ወሬ እኮ ነው።»

«ታዲያ ይሄ ልጅ ምን ሆኖ ነው ጥንድ ያመጣህለት?»

ሳቀ። ለመጀመሪያ ጊዜ የማያምር ሳቅ ሳቀ። «አልቆጠርኩም» አለ።

«ቆጥረሃል። ኔይዴ ጨምራልህ መልሰሃል።»

ወፍ እንዳገሯ ትጮኻለች። ስም ቀይሮ፣ ቋንቋ ተምሮ፣ የኛን ጎርፍ በቃሉ ይዞ፣ እጁ ግን እናቱ ቤት የለመደውን አደረገ። በሩን አየ፣ ቀጥሎ እኔን አየ። እስከዚያ ቀን ጠርጥሬው እንጂ ፈርቼው አላውቅም ነበር።

ዶና አልዚራ ኬኩን ቆርጠው ሳህኑ ላይ አደረጉለት። «ብላ። ፖሊስ ዘንድ አልሮጥም፣ ጉልበቴም አይችል። ማን እንደሆንክ፣ ማን እንደላከህ ለአንተ ይቅር። ዦዙዌ የት ነው ያለው?»

«አክስቴ፣ እኔ እኮ…»

«አክስቴ አትበለኝ። ዕድሜዬን ሙሉ የት ይሆን እያልኩ ኖሬያለሁ። ይህን ንገረኝና ሰኞ እሄዳለሁ።»

ሰውየው የኬኩን ሳህን ገፋ አደረገው። ሲናገር ድምፁ ዝቅ አለ፤ ያ የለመድነው ትሕትናም አብሮት የለም። «ቤሎ ኦሪዞንቼ። የድሆቹ መቃብር፣ በግድግዳው በኩል። እህትዎ የሠሩላቸው ሰዎች ናቸው ያስቀበሩት። ስሙ የተጻፈበት ትንሽ መስቀል አለው። ዓመት አልሞላውም ነበር።»

«በዓይንህ አይተኸዋል?»

«ስሙን ከመውሰዴ በፊት ሄጄ ነበር።»

ዶና አልዚራ አላለቀሱም። ያለቀስኩት እኔ ነኝ። ኢራሲን አሰብኳት፤ እህቷ እንዳታዝን ብላ ያን ሁሉ ዓመት የሚቆይ ውሸት ዋሽታ የሞተችውን።

«እንግዲህ ሰኞ…» አለ ሰውየው ቀስ ብሎ።

«ሰኞ ቤሎ ኦሪዞንቼ ነው የምሄደው። መዝገብ ቤት እሄዳለሁ ያልኩህ መስሎህ ነው? ሞቷል ያልከኝ አንተው ራስህ፤ የሞተውን ልጄን አለ ብዬ ልማልልህ?»

«አታለሉኝ።»

«ኧረ!» አሉ ዶና አልዚራ፤ ፈገግ ሊሉ ምንም አልቀራቸውም። «ይህንን የምትለኝ አንተ ነህ?»

ወደ ክፍሉ ገብቶ ሻንጣውን ይዞ ወጣ። በሩ አጠገብ ያለው ወንበር ላይ ግን ሻንጣውን ጉልበቱ ላይ አድርጎ ዝም ብሎ ተቀመጠ። ሽጉጥ የሚያወጣ መሰለኝ። ትንሽ ቆየ፣ ተነሳ፣ ሄደ። ሩሲያኖች ረጅም መንገድ ሲሄዱ እንዲያ እንደሚቀመጡ የሰማሁት በኋላ ነው።

ዓመት አልፎ በቴሌቪዥን አየነው። በሰሜን አውሮፓ በሌላ ስም ተይዟል፤ የሩሲያ የስለላ ሰው ነው አሉ። እንዲህ ያሉት የሞቱ ሕፃናትን ስም ለብሰው፣ አክስትና ሠፈር አበጅተው፣ ከዚያ ወደ ሌላ አገር ይሻገራሉ አሉ። ቫልዴሲር «እኔ ተናግሬ ነበር» እያለ ሠፈሩን ዞረ። ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ ነው። ዶና አልዚራ ቴሌቪዥኑን አጥፍተው፣ «ጣራው ግን እስከዛሬ አላፈሰሰም» ብቻ አሉ።

ይህ ግን ኋላ የመጣ ነው። ያን ሰኞ ጠዋት አውቶቡሱ ሳይነሳ ጥቁር ቀሚሳቸውን ለብሰው መሸጫዬ መጡ። ነጭ ጽጌረዳ አሉኝ። እንባዬ እያስቸገረኝ ከባልዲው እያወጣሁ፣ አንድ፣ ሁለት፣ ሦስት ማለት ጀመርኩ፤ ለሙት ስንት እንደሚባል ጠፍቶብኝ ቆምኩ።

ዶና አልዚራ እጃቸውን እጄ ላይ አደረጉ።

«አትቁጠሪ፣ ኔይዴ» አሉኝ። «የኛ ልጅ ነው።»

ያለኝን ጽጌረዳ ሁሉ አቅፈው ሄዱ።